ሳንባና ሜዳ፦ ስለ ሉቺያኖ ቫሳሎና ስለ አማካዮቻችን



ጥር 12 ቀን 1954 ዓ.ም. ቅዳሜ ነበር። የሚካኤል ታቦት ከጥምቀተ ባሕር ወደ መንበሩ የሚመለስበት ቀን ስለሆነ የካ ሚካኤልን ሲያጅብ የዋለ ሰው ማታ እግሩን እያሸ መተኛቱን መገመት አያስቸግርም። በማግስቱ እሑድ ግን ወሬው ሌላ ነበር፤ በአዲስ አበባ ስታዲየም ኢትዮጵያ የአፍሪካ ዋንጫን ፍጻሜ ከግብጽ ጋር ትጫወታለች። የዚያን ቀን አምበላችን የመሐል ሜዳ ሰው ነበር፤ ሉቺያኖ ቫሳሎ ይባላል። ዛሬ የምነግራችሁ ስለ እሱ የሥራ ዘመን ነው። ከእሱ ተነሥቼ አማካይ ተጫዋች ምን ሲሟላለት እንደሚበቅል፣ እኛ ዘንድ ለምን ብዙ እንደማይበቅልም የማምንበትን እናገራለሁ። አንዳንዳችሁ አትስማሙም ይሆናል፤ ስለ ኳስ ተነጋግሮ ሁሉም ተስማምቶ የተነሣበት ስብሰባ ደግሞ እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም።

ይህን ጉዳይ እዚህ የካ ላይ ማንሣቴ ያለ ምክንያት አይደለም። ከጀርባችን እንጦጦ አለ። ጎሕ ሳይቀድ ከኮተቤ፣ ከፈረንሳይ፣ ከቀበና የሚነሡ ሯጮች በባሕር ዛፉ መካከል ሲወጡና ሲወርዱ የምታዩት እናንተ ናችሁ። ኮረብታው ከባሕር ወለል ከ3,000 ሜትር በላይ ነው። እዚያ የሚለማመድ ሰው ደሙ ኦክስጅን የመሸከም አቅሙ እንደሚያድግ፣ ቆላ ወርዶ ሲሮጥ ያ ትርፍ እንደሚያግዘው ዛሬ ተማሪውም ያውቃል። ከዚህ እውቀት የተወለደ አንድ አባባል ግን በየቡና ቤቱ ይዞራል፦ «እንዲህ ያለ ሳንባ እያለን በኳስ ለምን እንሸነፋለን?» ይላል። የ1954ቱ ድልም ሲነሣ «ከፍታው ነው የረዳን» የሚል አይጠፋም። ይህን አባባል ዛሬ ትንሽ ልፈትነው እፈልጋለሁ።

መጀመሪያ ሰውየውን እናውቀው። ሉቺያኖ ነሐሴ 9 ቀን 1927 ዓ.ም. አስመራ ተወለደ። አባቱ ጣልያናዊ ወታደር፣ እናቱ ኤርትራዊት ነበሩ። አባትየው ልጁን አላሳደገም፤ ያሳደጉት እናቱ ናቸው። በዚያ ዘመን ክልስ ሆኖ ማደግ ከሁለቱም ወገን ባዕድ መባል ነበር። ጣልያኑ እንደ ልጁ አይቆጥረውም፣ አበሻውም የወራሪ ዘር ይለዋል። ታናሽ ወንድሙ ኢታሎም የዚሁ ዕጣ ተካፋይ ነው። ሉቺያኖ በእርጅናው ያሳተመው የሕይወት ታሪኩ ርእስ «እማዬ፣ ገንዘቡ ይኸው» እንደማለት ነው። ኳስ ለእሱ ከጨዋታ በፊት እናት መርጃ እንደነበረ ከዚያ ይገባናል።

አስመራ በዚያን ጊዜ የኳስ ከተማ ነበረች። ጣልያኖቹ የተከሉት የክለብ ልማድ፣ ሜዳው፣ የሳምንቱ ውድድር፣ ውጤት የሚዘግበው ጋዜጣ ሁሉ ነበረ። ልጁ በዚያ ውስጥ አደገ። ከዚያ ወደ ድሬዳዋ ወረደና ለጥጥ ፋብሪካው ቡድን ተጫወተ። እዚህ ላይ ትንሽ እንድንቆይ እፈልጋለሁ፤ ብዙ ሰው ይህን ክፍል ዘሎት ነው ወደ ዋንጫው የሚሮጠው።

የድሬዳዋ ጥጥ ፋብሪካ ቡድን እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ የመጀመሪያ ዓመታት የኢትዮጵያን ሻምፒዮና ደጋግሞ ወስዷል። የመጀመሪያው የአፍሪካ ሻምፒዮን ክለቦች ዋንጫ ሲዘጋጅ በ1957 ዓ.ም. አክራ ላይ ለመጨረሻው ውድድር ከደረሱት አራት ክለቦች አንዱ እሱ ነበር። በግማሽ ፍጻሜው በማሊው ስታድ ማሊየን ተሸነፈ። የፋብሪካ ቡድን ነው! ዛሬ ብዙ በጀት ያላቸው ክለቦቻችን በአህጉራዊ ውድድር ገና በመጀመሪያዎቹ ዙሮች ሲሰናበቱ እያየን ይህን ማስታወስ ያሳፍራል፤ ይጠቅማልም።

ፋብሪካው ለተጫዋቹ ምን ይሰጠው ነበር? ደመወዝ ያለው ሥራ፣ ሰዓቱ የታወቀ ልምምድ፣ ለዓመታት የማይለወጡ የቡድን ጓደኞች። ሦስተኛው ለአማካይ ከሁለቱ ይበልጥበታል እላለሁ። አጥቂ በአንድ ቅጽበት ብልጠት ጎል አግብቶ ስም ሊያወጣ ይችላል፤ ግብ ጠባቂም አንድ ፍጹም ቅጣት ምት አድኖ ጀግና ይሆናል። የአማካይ ሥራ ግን የሌላ ሰው ሩጫ ማወቅ ነው። ኳሱ እግሩ ሥር ሳይደርስ የግራው ክንፍ ወዴት እንደሚሄድ፣ ከኋላው ያለው ተከላካይ ሲጨነቅ ኳሱን በየትኛው እግሩ እንደሚያወጣ ማወቅ አለበት። ይህ በአንድ ወር ዝግጅት አይገኝም። ለዓመታት አብሮ በመጫወት፣ አብሮ በመሸነፍ ይገኛል።

አሁን ወደ 1954 እንመለስ። ውድድሩ ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ ነበር። በሁለቱ ቀዳሚዎች ግብጽ እኛን 4 ለ 0፣ እንደገና 4 ለ 0 አሸንፋናለች፤ መጀመሪያ በ1949 ካርቱም ላይ በፍጻሜው፣ ቀጥሎ በ1951 ካይሮ ላይ። አዲስ አበባ የመጡት አራት ቡድኖች ነበሩ፦ ኢትዮጵያ፣ ቱኒዚያ፣ ኡጋንዳና ያን ጊዜ የተባበረችው ዐረብ ሪፐብሊክ ትባል የነበረችው ግብጽ። ጥር 6 ቀን ቱኒዚያን ገጠምን። ከኋላ ተነሥተን 4 ለ 2 አሸነፍን። ሉቺያኖ በፍጹም ቅጣት ምት አንድ አገባ፤ የቅዱስ ጊዮርጊሱ መንግሥቱ ወርቁም ጎል አስቆጠረ።

ፍጻሜው ጥር 13 ቀን ነው። ንጉሠ ነገሥቱ በክብር ቦታቸው ተቀምጠዋል። ቡድኑን የሚመሩት አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው፤ ራሳቸው የቅዱስ ጊዮርጊስ ተጫዋች የነበሩ፣ በኋላ የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮ እስከ ዕለተ ሞታቸው የመሩ። በ35ኛው ደቂቃ ባዳዊ አብደል ፈታህ ለግብጽ አገባ። ኢትዮጵያ ብዙ ጊዜ አንኳኳች፣ አልተከፈተላትም። በ74ኛው ደቂቃ ግን አቻ ሆነች። ሕዝቡ ገና ጨፍሮ ሳይጨርስ፣ በ75ኛው፣ ያው ባዳዊ እንደገና አገባ።

ይህን አንድ ደቂቃ ልብ በሉልኝ። አርባ ደቂቃ ያህል ለፍተህ አቻ ሆንክ፣ በደቂቃው ተመልሰህ ኋላ ቀረህ። ብዙ ቡድን እዚህ ላይ ይፈርሳል። ተከላካዩ አማካዩን ይወቅሳል፣ አጥቂው እጁን ያወናጭፋል፣ ሁሉም ኳሱን ወደ ፊት መጠለዝ ይጀምራል። በ84ኛው ደቂቃ አቻ ያደረገው አምበሉ ራሱ ነው፤ ሉቺያኖ። ጨዋታው ወደ ጭማሪ ሰዓት ገባ። በ101ኛው ኢታሎ ቫሳሎ፣ በ117ኛው መንግሥቱ ወርቁ አገቡ። 4 ለ 2። ዋንጫውን ሉቺያኖ ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ ተቀበለ። ከፍጻሜው በፊት የጣልያን ስም ያለው ክልስ በንጉሡ ፊት ዋንጫ እንዳይቀበል አምበልነቱ ለሌላ ይሰጥ የሚል ግፊት እንደነበረ ሉቺያኖ በኋላ ተናግሯል። ዋንጫውን ያነሣው ግን እሱ ነው፤ የዚያን ቀን ካገባናቸው አራት ጎሎችም ሁለቱ የቫሳሎ ልጆች ናቸው።

እንግዲህ ወደ ሳንባው። ሁለቱ የመጨረሻ ጎሎች በጭማሪ ሰዓት መግባታቸው ለከፍታው ደጋፊዎች ጥሩ ማስረጃ ይመስላል። አዲስ አበባ 2,300 ሜትር ያህል ከፍ ትላለች፤ የአየሩ ግፊት ከባሕር ወለሉ ሦስት አራተኛ ገደማ ነው። ካይሮ ደግሞ ከባሕር ወለል ብዙም የማትርቅ ከተማ ናት። የግብጽ ተጫዋች በ100ኛው ደቂቃ ቢያለከልክ አያስገርምም። ከፍታው ምንም አልረዳንም ብዬ አልከራከርም፤ እግር ማሰሩ እርግጥ ነው።

ግን ሁለት ነገር አስቡ። ሉቺያኖን የመሳሰሉት የጥጥ ፋብሪካው ተጫዋቾች የሚኖሩት ድሬዳዋ ነበር። ድሬዳዋ 1,200 ሜትር ገደማ ነች፤ ከካምፓላ እኩል ማለት ነው። ዓመቱን ሙሉ ከምድር ባቡሩ አጠገብ በሙቀት ሲለማመዱ የከረሙ ሰዎች «የኮረብታ ሳንባ» ነበራቸው ማለት እንዴት ይቻላል? ሁለተኛው ይባስ። ከስድስት ዓመት በኋላ፣ በ1960 ዓ.ም.፣ ዋንጫውን እንደገና አዘጋጀን። ምድባችንን ሦስቱንም ጨዋታ አሸንፈን አለፍን። በግማሽ ፍጻሜው እዚሁ አዲስ አበባ በኮንጎ ኪንሻሳ 3 ለ 2 ተሸነፍን፤ እሱም በጭማሪ ሰዓት! ለሦስተኛ ደረጃ ተጫውተን በአይቮሪኮስት 1 ለ 0 ተረታን። በ1968 ዓ.ም. ሲደገምም ከምድብ አላለፍንም። ኮረብታው ያው ነበር፣ አየሩም ያው። ኪንሻሳ ደግሞ በወንዝ ዳር ያለች ቆላ ከተማ ናት።

ስለዚህ የ1954ቱን ድል ያመጣው ሌላ ነገር ነው። እኔ እንደምረዳው ለዓመታት አብረው የተጫወቱ ሰዎች ስለነበሩ፣ በመሐላቸውም በ75ኛው ደቂቃ የማይደነግጥ ሰው ስለነበረ ነው።

የሩጫና የኳስ ልዩነትም እዚህ ጋ ይገኛል። ሯጭ እንጦጦ ላይ ብቻውን ሊሠራ ይችላል። ጫማ፣ ሰዓት፣ ኮረብታና አንድ ጥሩ አሠልጣኝ ካገኘ ልፋቱ በሰከንድ ይለካል። ሰከንዱ ደግሞ አያዳላም፤ በርሊንም ሆነ ቶኪዮ ያው ነው። የአማካይን ችሎታ የሚለካ ሰዓት የለም። አሥር ጓደኛና አሥራ አንድ ተቃዋሚ ካልቆሙለት ምን ያህል እንደሚያውቅ ራሱም አያውቀውም። በዚህ ሰፈር ለሯጭ የተመቸ ነገር ሁሉ ተፈጥሮ የሰጠችን ነው፤ ለአማካይ የሚያስፈልገውን ግን ሰው ካልሠራው አይኖርም።

ከሩቅ አገር አንድ ምሳሌ ላምጣ። ቡልጋሪያ ዛሬ ሕዝቧ ሰባት ሚሊዮን አይሞላም፤ ከአዲስ አበባና ከዙሪያዋ ሕዝብ ብዙ የማይርቅ ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1994 የዓለም ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ ደርሳለች። እኛ ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሆነን አንድ ጊዜም እንኳ ለውድድሩ አልበቃንም። ስቲልያን ፔትሮቭ የተባለ አማካይ እ.ኤ.አ. በ1979 ሞንታና በምትባል ትንሽ የቡልጋሪያ ከተማ ተወለደ። በከተማው ክለብ ጀመረ፤ በልጅነቱ ዋና ከተማው ሶፊያ ያለው ሲኤስኬኤ ወሰደው፤ በ20 ዓመቱ ወደ ስኮትላንዱ ሴልቲክ ተሻገረ። እዚያ ሲደርስ ቋንቋው አስቸገረው፣ ናፍቆት አሠቃየው። እንግሊዝኛ ለመልመድ የወዳጁ በርገር መሸጫ መኪና ውስጥ ቆሞ ደንበኛ ያስተናግድ ነበር። በሚሊዮን የሚቆጠር ፓውንድ የተከፈለበት ተጫዋች! መጀመሪያ ላይ ከቦታው ውጪ በቀኝ ተከላካይነትም አጫውተውታል። ማርቲን ኦኒል አሠልጣኝ ሆነው ሲመጡ ወደ መሐል መለሱት፤ ከሴልቲክ ጋር አራት ጊዜ የስኮትላንድ ሻምፒዮን ሆነ። ከዚያ አስቶን ቪላ ገብቶ አምበል ሆነ። ለአገሩ ከመቶ ጊዜ በላይ ተሰልፏል። እ.ኤ.አ. በ2012 የደም ካንሰር ተገኘበትና በዓመቱ ኳስ አቆመ፤ የቪላ ደጋፊዎች ማሊያው 19 ቁጥር ስለነበር በየጨዋታው 19ኛው ደቂቃ ላይ ቆመው ያጨበጭቡለት ነበር።

ይህን ታሪክ ያነሣሁት ፔትሮቭ ከእኛ ልጆች የተለየ ተሰጥዖ ነበረው ለማለት አይደለም። ደረጃዎቹን እዩልኝ፦ የትንሽ ከተማ ክለብ፣ የዋና ከተማ ክለብ፣ የውጭ ክለብ። እያንዳንዱ ደረጃ ላይ የሚያየው ሰው ነበረ፤ ከእያንዳንዱ ደረጃ ወደሚቀጥለው የሚያሻግር መንገድም ነበረ። መሰላል ነው።

የእኛስ? ሽመልስ በቀለን ውሰዱ። የሐዋሳ ልጅ ነው። በሐዋሳ ከተማ ተጫውቶ ወደ ቅዱስ ጊዮርጊስ መጣ፤ በኋላ ወደ ግብጽ ተሻግሮ ፔትሮጄትን፣ ምስር ኤል ማቃሳንና ኤል ጎናን በመሳሰሉ ክለቦች ለዓመታት ተጫወተ። ብሔራዊ ቡድናችን ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ሲመለስ፣ በ2005 ደቡብ አፍሪካ ላይ፣ ነበረ። በ2014 ካሜሩን ላይም ነበረ። ይህ ትልቅ የሥራ ዘመን ነው፤ የሚገባውን ያህል አልተወራለትም። ለምን ቆየ ብትሉኝ፣ የግብጽ ሊግ በየሳምንቱ የሚያጫውተው ቦታ ስለሆነ ነው። ካይሮ ለንደን አይደለችም፤ ግን አማካይ የሚያስፈልገው ትልቅ ስም ሳይሆን 90 ደቂቃ ነው።

ጋቶች ፓኖም ደግሞ ሌላው መንገድ ነው። ጋምቤላ የተወለደ ነው፤ ከኢትዮጵያ ቡና በ2009 ዓ.ም. ማብቂያ ወደ ሩሲያው አንዚ ማካችካላ ሄደ። በሩሲያ ከፍተኛ ሊግ የተመዘገበ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ነበር፤ አገር ሙሉ ተደሰተ። ነገር ግን ብዙም ሳይሰለፍ ወራት አለፉና ወደ አገሩ ተመለሰ። በኋላ በግብጽም ተጫውቷል፣ ለቅዱስ ጊዮርጊስም ተሰልፏል። ሰዉ «አልቻለም» አለ። እኔ እንዲህ አልልም። ከአዲስ አበባ ወደ ካስፒያን ባሕር ዳር በአንድ ዝላይ ነው የሄደው፤ በመሐል ያሉትን ደረጃዎች ማንም አላዘጋጀለትም። የቋንቋና የብርድ ነገር ሳይነሣ፣ አዲሶቹ ጓደኞቹ የሚሮጡበትን አቅጣጫ እስኪያውቅ ድረስ የሚያጫውተው ሜዳ ያስፈልገው ነበር። ተቀያሪ ወንበር ላይ ተቀምጦ ይህን ማወቅ አይቻልም።

ልብ በሉ፤ ሽመልስም ጋቶችም የደጋ ልጆች አይደሉም። ሐዋሳ ሐይቅ ዳር ነች፣ ጋምቤላ ደግሞ ሞቃት ቆላ። ከኮረብታችን ሥር ሯጩ እየተለማመደ አማካዩ ከሐይቅ ዳርና ከቆላ መምጣቱ ሊያሳስበን ይገባል።

ስለ አስተዳደርም በአጭሩ አንድ ነገር ልበል። በ2005 ዓ.ም. ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ቦትስዋናን በሜዳዋ 2 ለ 1 አሸንፈን ነበር። ነገር ግን በሁለት ቢጫ ካርድ መቀጣት የነበረበት አንድ አማካይ ተሰልፎ ስለነበር ፊፋ ነጥቡን ቀማን። ተጫዋቹ ምን አጠፋ? ካርድ መቁጠር የጽሕፈት ቤት ሥራ ነው። ሜዳ ላይ የተገኘ ነገር በወረቀት ሊጠፋ እንደሚችል ከዚህ በላይ የሚያሳይ ምሳሌ አላውቅም።

እንግዲህ ወደ ሰፈራችን። ጎልማሶቹ ታስታውሳላችሁ፤ በየካ ባዶ ሜዳ ብዙ ነበር። የጨርቅ ኳስ ጠቅልሎ ሰፈር ለሰፈር መጋጠም የሰንበት ሥራ ነበር። ዛሬ ሜዳው ቤት ሆኗል፣ ሕንፃ ሆኗል። ይህን ስል ቤት የሠራውን ሰው እየኮነንኩ አይደለም፤ ሰው መኖሪያ ያስፈልገዋል። ልጆቹ ግን በኮብልስቶኑ መንገድ ላይ በድንጋይ ጎል ሠርተው፣ መኪና ሲመጣ እየቆሙ ይጫወታሉ። ጥበቃው፣ መንጠቁ፣ ማታለሉ በዚያ ይለመዳል። ሰላሳ ሜትር አሻግሮ ማየት ግን በስድስት ሜትር ስፋት መንገድ አይለመድም። ከልጆቻችን ድንቅ አብዶኛ ብዙ፣ አከፋፋይ ግን ጥቂት የምናየው ከዚህም ይመስለኛል።

የትምህርት ቤት ሜዳ አለ። ቅዳሜና እሑድ ግን ብዙ ጊዜ በሩ ተቆልፎ ይውላል። ርእሳነ መምህራኑ ምክንያት አላቸው፤ መስኮት ይሰበራል፣ ዘበኛ ይከፈላል፣ ልጅ ቢጎዳ ተጠያቂው ማን ነው ይባላል። እነዚህ በወረዳ ደረጃ ተቀምጦ የሚፈቱ ጥያቄዎች ናቸው። በሩ ከተከፈተ በኋላ ደግሞ የሚያስፈልገው አንድ ነገር ነው፦ የአሥራ ሁለትና የአሥራ ሦስት ዓመት ልጆች ያሉበት ቡድን ለአምስትና ስድስት ዓመት ሳይበተን በየሳምንቱ የሚጫወትበት የሰፈር ሊግ። ዋንጫው ትንሽ ይሁን፣ ማሊያውም አይለይ። የማይለወጠው የልጆቹ ስም ዝርዝር ይሁን። በየዓመቱ ለአንድ ውድድር ተሰብስቦ በማግስቱ የሚፈርስ ቡድን አጥቂ ሊያወጣ ይችላል፤ አማካይ አያወጣም።

ስለ ሉቺያኖ ልጨርስ። ኳስ ካቆመ በኋላ አሠልጣኝ ሆነ። ከአብዮቱ በኋላ ግን አገሩን ጥሎ በጅቡቲ በኩል ወደ ጣልያን ተሰደደ፤ ሮም አጠገብ ኖረ። እንደ ልጁ ያልቆጠረውን የአባቱን አገር በስደት መኖሪያው አደረገው። መስከረም 6 ቀን 2015 ዓ.ም. በ87 ዓመቱ አረፈ። ያን ዋንጫ ከእሱ በኋላ ያነሣ የኢትዮጵያ አምበል የለም። ከታዳጊዎች ጋር የምትሠሩ አሠልጣኞች በአዳራሹ ውስጥ እንዳላችሁ አውቃለሁ፤ ስለ ትምህርት ቤት ሜዳዎቹ ከእኔ የተሻለ የምታውቁት እናንተ ናችሁና መድረኩን አሁን ለእናንተ እለቃለሁ።